የእማዬ ሳቅ በሰው ቀልድ

ሰኞ፣ ጥቅምት 4

ዝናብ። ላቲን ፈተና ከአርባ አሥራ ዘጠኝ አገኘሁ። ለአባዬ "ከግማሽ ትንሽ ዝቅ ያለ ነው" አልኩት። "ከእኔ ሥራ ይሻላል" አለ።

እራት የአክስቴ ዊኒ ጉበት። አክስቴ ዊኒ የአባዬ ታላቅ እህት ናት። እማዬ ስትሞት "ሁለት ሳምንት ልርዳችሁ" ብላ መጣች፤ ይኸው ሦስት ዓመቷ። ጉበቱን የምትጠብሰው ዳግመኛ ነፍስ እንዳይዘራ አድርጋ ነው።

አባዬ ማዕድ ላይም በእርሳስ ይጽፋል። እስከ ወሩ መጨረሻ መቶ ቀልድ ማስረከብ አለበት። በገና ምሳ ላይ ሁለት ሰው ግራና ቀኝ ይዞ ሲስበው ጧ! የሚል የወረቀት ጥቅል አለ አይደል? ከውስጡ የምትወድቅ ብጣሽ ወረቀት፣ ሰው ጮክ ብሎ አንብቧት "ኤጭ!" ብሎ የሚጥላት? የእሷ ደራሲ አባቴ ነው። በርናርድ ካትሞር። ድሮ ባቡር ጣቢያ የጠፋ ዕቃ ስለሚጠብቁ ሦስት ሰነፎች የቴሌቪዥን ኮሜዲ እየጻፈ በየሳምንቱ አሥራ ሁለት ሚሊዮን ሰው ያስቅ የነበረ።

"በርናርድ፣ እኔም አንድ ቀልድ አለኝ" አለች አክስቴ።

"አይ ዊኒ።"

"ስለ አንድ ቄስ ነው።"

"ያንቺ ቀልድ ሁሉ ስለ አንድ ቄስ ነው። ቄሱም መጨረሻ ላይ ይሞታል።"

"ታዲያ ሰው አይሞትም?"

ሦስታችንም ሳህናችንን አየን።

ኋላ አንዷን አነበበልኝ። "የአክስቴን ፒያኖ ማን ገዛው? ጎረቤቱ ተዋጥቶ።" አንብቦ "እ?" አለኝ። ፈገግ አልኩ። ፈገግታ ሳቅ አይደለም። እሱም ያውቃል። በዚህ ቤት ሳቅ ከጠፋ ስንት ጊዜው...

ሐሙስ፣ ጥቅምት 7

ቀስ ብዬ ልጻፈው።

ሐሙስ ሐሙስ ማታ ሁለት ሰዓት ላይ በቴሌቪዥን ስለ አንድ መዋኛ ገንዳ ኮሜዲ ይታያል። ደራሲው ሌስሊ ግሪምዋድ ነው። አጎቴ ሌስሊ እለው ነበር። ከአባዬ ጋር አሥራ አንድ ዓመት አብረው ጽፈዋል፤ ሌስሊ ታይፕ ይመታል፣ አባዬ ወዲያ ወዲህ እያለ ምንጣፍ ይጨርሳል። እማዬ ስትሞት አባዬ መጻፍ አቃተው። ሌስሊ ስምንት ወር ጠበቀው። ከዚያ ብቻውን ሄደ። አባዬ ከዳተኛ አላለውም። ምንም አላለውም፤ እሱ ይብሳል። ሐሙስ ሁለት ሰዓት ሲሆን ገላውን ሊታጠብ ወደ ፎቅ ይወጣል፣ በቃ። በምንኖርበት በሰርቢተን ከተማ በሌላ ሰው ቀልድ ምክንያት ንጹሕ የሆነ ሰው እሱ ብቻ ሳይሆን አይቀርም።

ዛሬ የውሃ ማሞቂያው ተበላሸ። አባዬ መሸሻ አጣ። ጋዜጣውን ፊቱ ላይ ዘርግቶ ተቀመጠ። አክስቴ ቴሌቪዥኑን ከፈተችው።

ወፍራሙ የገንዳ ጠባቂ ፊሽካውን ዋጠ። ከዚያ በተነፈሰ ቁጥር ፊሽካው ይነፋል። የስቱዲዮው ታዳሚ ሳቀ፤ እንዲያው ለይሉኝታ። ከታዳሚው መሀል ግን...

መጀመሪያ ትንፋሽ ወደ ውስጥ። ከዚያ እንደ ዝይ። ከዚያ ዘይት ያጣ በር ሲከፈት።

እማዬ።

ሁለት ሰከንድ ቢሆን ነው። ጋዜጣው ዝቅ አለ። የአባዬ ፊት አመድ መስሏል። እኔም ብርጭቆ ይዤ ቀረሁ።

"ምን ሆናችሁ?" አለች አክስቴ ዊኒ። "ጋዝ ይሸታል እንዴ?"

ዓርብ፣ ጥቅምት 8

ቁርስ ላይ፣ አክስቴ ወተት ልታስገባ ስትወጣ፦

"ሰምተሃል።"

"ምኑን?"

"አባዬ!"

ዳቦውን ቅቤ ቀባ። የተቀባውን ደግሞ ቀባው። "በሕይወቷ በሌስሊ ቀልድ ስቃ አታውቅም" አለ። "አንድ ቀን! አብረን ስንጽፍ እንኳ የምትስቀው በእኔ በእኔ ነበር።"

እኔ ከሞተች ሦስት ዓመት የሆናት እናቴ ሳቀች እያልኩ ነው የማወራው። እሱን የቆጨው በማን ቀልድ እንደሳቀች ነው። የኮሜዲ ጸሐፊዎች እንዲህ ናቸው፤ ቤታቸው ሲቃጠል እንኳ ሰው እሳቱን ካየ "እኛን አላየንም" ብለው ይቀየማሉ።

ከዚያ ረጋ ብሎ ነገረኝ። የቴሌቪዥን ጣቢያው የድምፅ ባለሙያዎች አንድ የቴፕ ክር አላቸው። ከድሮ ቀረጻዎች ጥሩ ጥሩውን ሳቅ እየቆረጡ ቀጥለው ያስቀምጡበታል። ቀልድ ተነግሮ ታዳሚው ካልሳቀ፣ ከዚያ ክር ላይ ሳቅ ይጨምሩበታል። እማዬ ደግሞ በአባዬ ኮሜዲ ቀረጻ ሁሉ ታዳሚው መሀል ነበረች። አራት ዓመት፣ አንድ እሑድ ሳትቀር።

"ስለዚህ የትናንቱ ቀልድ ሞቶ ነበር ማለት ነው" አለ። ድንገት ፊቱ በራ። "ሳቅ ተበድረውለት ነው!"

ይሄን ያህል ደስ ብሎት ካየሁት ሦስት ዓመቴ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 14

አልመጣችም።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 21

አልመጣችም። ማሞቂያው ተጠግኗል፤ አባዬ ግን አልታጠበም። ሁለታችን ቴሌቪዥኑ ላይ ልንወጣ ምንም አልቀረን። ምስሉን አናይም፤ ጆሯችንን አዘንብለን ታዳሚውን ነው የምናዳምጠው። አክስቴ ዊኒ ደስ ብሏታል። "በመጨረሻ ይህ ቤተሰብ ጨዋ ፕሮግራም ማየት ጀመረ" አለች። ጨዋው ፕሮግራም ላይ አንድ ሰውዬ ሱሪው ገንዳ ውስጥ ወልቆ ነበር።

እሑድ፣ ጥቅምት 24

ማንም የማያነበው ነገር ላይ መዋሸት ምን ይረባል? እንግዲያው ልጻፈው።

ሳቋን ረስቼው ነበር። ፊቷ አለኝ፤ ፎቶግራፍ አለ። እጅ ጽሕፈቷ አለኝ። ድምፅዋ ግን... ባለፈው ዓመት አንድ ቀን አልጋዬ ላይ ሆኜ ልሰማው ሞከርኩ፣ አልመጣም። የአባዬን ኮሜዲ ጣቢያው አጥፍቶታል። ክር ውድ ስለሆነ አሮጌው ላይ አዲስ ይቀርጹበታል፤ አሁን እማዬ የሳቀችበት ላይ የፈረስ ዝላይ አለ። ቤት ያለው ቴፕ ላይ ደግሞ የለችም። ቴፑ ሲከፈት አፏን ትዘጋ ነበር።

ሌላም አለ።

የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ሆኜ በትምህርት ቤት ተውኔት ላይ ዛፍ ሆኜ ነበር። ንግግር ያለው ዛፍ። ከቤት ስንወጣ "እማዬ፣ እባክሽ ዛሬ እንዳትስቂ" አልኳት። "ልጆቹ በሳቅሽ ያሾፉብኛል።" "እሺ የኔ ዛፍ" አለች። ከመድረክ ሆኜ አየኋት። መሐረብ አፏ ውስጥ ጠቅጥቃ፣ ትከሻዋ እየተንቀጠቀጠ፣ እንባዋ እየፈሰሰ። ድምፅ የለም። በጸደይ ታመመች።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 26

አባዬ ቀልዶቹን ሊያስረክብ ሄዷል። አክስቴ ቤተ ክርስቲያን አበባ ልታስተካክል። ስልኩን አነሳሁ፣ ጣቢያው ጋ ደወልኩ፣ ድምፄን አወፈርኩ።

"ሚስ ዊኒፍሬድ ካትሞር ነኝ። የድምፅ ክፍሉን አገናኙኝ። ቶሎ በሉ፣ ጉበት ጥጃለሁ።"

ከአንዱ ወደ አንዱ አራት ቦታ አስተላለፉኝ። መጨረሻ ላይ አንድ ሽማግሌ አነሱት። ሚስተር ኦድጀርስ።

"የበርናርድ እህት ነዎት?"

"ታላቅ እህቱ ነኝ።"

"ድምፅዎ ከዕድሜዎ በጣም ያንሳል።"

"ጉበት ስለምበላ ነው።"

"የኔ ልጅ" አሉ፣ "እኔ አርባ ዓመት የሰው ድምፅ ሳዳምጥ የኖርኩ ሰው ነኝ። አሥራ አምስት ዓመትሽ ነው። ግፋ ቢል አሥራ ስድስት። ምን ልርዳሽ?"

ነገርኳቸው። ሁሉንም። ዛፉን ብቻ ትቼ።

"ዝይዋ!" አሉ።

"አቤት?"

"ይቅርታሽን... መዝገቤ ላይ እንዲያ ብዬ ነው የጻፍኳት። ሳቅ ሁሉ ስም አለው። የሚያስለው ሰውዬ፣ ሁለቱ አሮጊቶች፣ ባለጋሪው። የዝይዋ ሳቅ አሥራ አንድ ነው ያለኝ።"

አሥራ አንድ! ደረጃው ላይ ቁጭ አልኩ።

ቅዳሜ የመጨረሻ ቀናቸው ነው። ጡረታ ይወጣሉ። ክሩን ለተተኪያቸው ለሚስስ ታልቦት ያስረክባሉ። "ከዚያ በፊት ነይ" አሉኝ። "አባትሽንም አምጪው። ጉበቱን ግን ተዪው።"

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 30

አባዬን እስከ በሩ ድረስ አመጣሁት። በባቡር፣ ከባቡር በአውቶቡስ፣ ከአውቶቡስ በልመና። በሩ ላይ እንደ በቅሎ ቆመ።

"እዚህ እጠብቅሻለሁ።"

"ዝናብ ነው እኮ። ግባ፣ ሕንፃ ነው፣ አይበላህም።"

"አንዴ በልቶኛል" አለ። ባርኔጣውን ዝቅ አደረገ።

ብቻዬን ገባሁ። የሚስተር ኦድጀርስ ክፍል ቁም ሣጥን ያክላል። ሰውዬው ቀጭን፣ ጆሯቸው ትልልቅ፤ እግዜር ሥራቸውን አይቶ የሰጣቸው። ወንበር ሰጡኝ፣ ክሩን አዞሩት።

አንድ። ሁለት። ሦስት... እስከ አሥራ አንድ። አላለቀስኩም። ማስታወሻው የራሴ ስለሆነ እዚህ ላይ መዋሸት እችላለሁ።

"እናትሽ የመጀመሪያው እሑድ ከቀረጻ በፊት መጣችብኝ" አሉ። "'ማይክሮፎኖቹ የት የት ነው የሚሰቀሉት?' አለችኝ። አሳየኋት። ከዚያ ወዲያ አራት ዓመት ሙሉ ከሦስተኛው ማይክ ሥር ነው የተቀመጠችው።"

"አባዬ ያውቃል?"

"እኔ አልነገርኩትም።"

"የይስሙላ ነበር ማለት ነው? እሱን ለመርዳት ብላ?"

"የኔ ልጅ፣ የይስሙላ ሳቅ ከአፍ ነው የሚነሳው። የእሷ ከሆድ ነው። የምትስቅበትን ወንበር መረጠች እንጂ የምትስቅበትን ቀልድ አልመረጠችም። እንዲያውም አበሳዬን ታሳየኝ ነበር፤ ቀልዶቹን ቤት ሰምታቸው ስለምትመጣ ሁልጊዜ ግማሽ ሰከንድ ትቀድማለች።"

ሌላ ክር ላይ ሊገለብጡልኝ ፈቀዱ። "ቅጂውን ውሰጂ፣ እናትየው እዚህ ትቀመጥ" አሉ። ሮጬ ወጥቼ ለአባዬ ነገርኩት። ከባርኔጣው ጫፍ ውሃ ይንጠባጠባል።

"ቅጂ? እሷ ለሌስሊ ስትስቅ እኔ ቅጂዋን ታቅፌ ልቀመጥ? ትውጣ። አሥራ አንዱም ይውጣ።"

"አባዬ..."

"ትውጣ አልኩ ሄቲ!"

እኔም የፈለግኩት እሱን ነበር። እውነቱን ነው። ቤታችን ትምጣ።

ሚስተር ኦድጀርስ ምላጭ አወጡ። አሥራ አንድ ቦታ ቆረጡ። ቁርጥራጩን አያይዘው ትንሽ መጠቅለያ ላይ ጠቀለሉ፣ የብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ አደረጉልኝ። "ለአባትሽ ንገሪው" አሉ፣ "በዚህ ቤት ካለኝ ሳቅ ሁሉ እውነተኛው እሷ ነበረች።"

አልነገርኩትም። በባቡሩ ላይ ቆርቆሮውን ጭኑ ላይ አድርጎ፣ በሁለት እጁ ይዞት ነበር።

እሑድ፣ ኅዳር 1

ስድስት ጊዜ ሰማናት። ስድስተኛው ላይ አክስቴ ዊኒ ድንች መላጫ ይዛ በሩ ላይ ቆመች።

"ቤተ ክርስቲያንም እንዲሁ ነበር የምትስቀው" አለች። "ሠርጋቸው ዕለት። 'በሀብትም በድህነትም' ሲባል! ቄሱ ደንግጦ መጽሐፉን ጣለ።"

"ቄሱ ሞተ?" አልኳት።

"ባለጌ" ብላ ወጣች። ድንቹ አረረ። በዚህ ቤት ሳይታሰብ ያረረ የመጀመሪያው ምግብ ነው።

ረቡዕ፣ ኅዳር 11

አራተኛው ላይ ከኋላዋ ያለው ሰውዬ ያስላል። ሰባተኛው ላይ ወንበር ይንቋቋል። ዘጠነኛው አጭር ነው። አሥረኛው ላይ ትንፋሽ ያጥራታል። ሁሉንም በቃሌ አውቀዋለሁ። ቅኔ እንደሚሸመድድ ተማሪ። ዛሬ ከትምህርት ቤት መጥቼ ቴፑን ከፍቼ የቤት ሥራዬን ሠራሁ። ሲያልቅ አላወቅኩም... አለማወቄን ሳውቅ ደነገጥኩ።

እሑድ፣ ኅዳር 15

አባዬ ቴፑን አጠፋው።

"በምኑ ነው የምትስቀው?"

"እ?"

"አምስተኛው ላይ። በደንብ ነው የሳቀችው። ቀልዱ ምን ነበር?" ጣቱን ግንባሩ ላይ አደረገ። "እኔ ነኝ የጻፍኩት፣ አላስታውሰውም። ሳቋ አለ፣ ያሳቃት የለም። ባዶ ቤት ውስጥ ብቻዋን የምትስቅ ይመስላል።"

ያኔ ስለ ማይክሮፎኑ ነገርኩት። ለምን ያኔ እንደሆነ አላውቅም። ተነስቶ ወጣ። ባርኔጣውን አድርጎ ተመለሰ። ቤት ውስጥ ባርኔጣ አድርጎ ተቀመጠ።

"ሦስተኛው ማይክ?"

"ሦስተኛው።"

"'እዚያ ጋ ይሞቃል' ነበር የምትለኝ" አለ። "አራት ዓመት ሙሉ። 'ለወገቤ ይስማማኛል፣ እዚያ ጋ ይሞቃል።'"

ሐሙስ፣ ኅዳር 19

ከትምህርት ቤት ስመጣ ቆርቆሮው የለም። አባዬም የለም። ለእራት ጥቂት ሲቀረው መጣ፣ እጁን ኪሱ ውስጥ አድርጎ።

"መለስኳት።"

"ምን አልክ?"

"ለሚስስ ታልቦት። እዚያው ክሩ ላይ ቀጠለቻት። ገብቼ ነው የሰጠኋት፣ በዋናው በር። ጥርሱ ረግፏል መሰለኝ ሕንፃው፣ አልነከሰኝም።"

ለመሳቅ ሞከረ። እኔ ጮህኩ። እናቴ ናት፣ እኔን ሳትጠይቅ፣ እኔ ነኝ ያገኘኋት፣ አንተ በር ላይ ዝናብ ስትቆጥር!

"ሄቲዬ" አለ። "የዚያን ሐሙስ ስትሰሚያት ምን ሆንሽ?"

ወደ ክፍሌ መውጣት ጀመርኩ።

"ባለፈው እሑድስ ስትሰሚያት?"

በሩን በላዩ ላይ ዘጋሁት።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 21

ሁለት ቀን አላናገርኩትም። አክስቴ በመካከላችን መልእክት ታመላልሳለች። "አባትሽ ጨው አቀብይኝ ይላል።" "በእጁ ጫፍ ላይ ነው በይው።" "በእጅህ ጫፍ ላይ ነው ትላለች።" በዚህ ሥራዋ በጣም ደስተኛ ናት።

ሐሙስ፣ ኅዳር 26

መጣች!!

ምንም አልጠበቅኩም፣ እንዲያውም አኩርፌ ጀርባዬን ሰጥቼ ነበር። የገንዳው ጠባቂ በሳሙና ተንሸራተተ፣ የሚያሳፍር ቀልድ፣ የሕፃን ልጅ... እና ከጀርባዬ፣ ሳላስብ፣ ሳልዘጋጅ፣ እሷ። ሁለተኛዋ ትሁን ስምንተኛዋ አላወቅኩም! ዘለልኩ። ሻዩ አክስቴ ጭን ላይ ፈሰሰ። አባዬን አየሁት። አየኝ። ታረቅን፣ እንዲሁ፣ አንድ ቃል ሳንናገር።

ከዚያ ግን ቃሉ መጣለት።

"በሳሙና!" አለ። "በሳሙና ቀልድ! የእኔ ሚስት!"

ተነሳ፣ ስልኩ ጋ ሄደ። ከደረጃው ሰማሁት።

"ሌስሊ? በርናርድ ነኝ... ደህና ነኝ። አይ፣ ደህና አይደለሁም። ያቺ የሳሙና ቀልድ የማን ናት?... ያንተ መሆኗንማ አውቃለሁ! ሚስቴ ሳቀችባት እኮ!... አልጠጣሁም። ስማኝ፣ እሷ እዚያ የምትስቅ ከሆነ ለሚያስቅ ነገር ትሳቅ። የሚቀጥለውን ጽሑፍ እሑድ ይዘኸው ና።"

እሑድ፣ ኅዳር 29

አጎቴ ሌስሊ መጣ። አንድ ጠርሙስ የሼሪ ወይን ይዞ፣ ጸጉር ሳይዝ።

"ሄቲ! አደግሽ እኮ!"

"አጎቴ፣ ጸጉርህን የት ጥለኸው መጣህ?"

"ብቻዬን ስጽፍ ነው ያለቀው።"

አባዬ እጁን ኪሱ ውስጥ እንዳደረገ ቆሟል። ሌስሊ ባርኔጣውን ያሽከረክራል። ሁለት ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው ሰዎች፣ መጀመሪያ ቀን ትምህርት ቤት በር ላይ እንደቀሩ ልጆች።

"ስምንት ወር ጠበቅኩህ በርናርድ።"

"ዘጠነኛውን ብትጠብቅ ምን ነበረበት?"

"ዘጠነኛው ላይ ትጽፍ ነበር?"

አባዬ አሰበ። "አይ" አለ።

በቃ። ታይፑ ወጣ። እስከ እራት ድረስ ስለ አንዲት ፎጣ ተጨቃጨቁ። ፎጣው እርጥብ ይሁን ወይስ ደረቅ? የትኛው ያስቃል? አክስቴ "ደረቅ ይሁን፣ ሰው ብርድ ይመታዋል" አለች። አባዬ ወዲያ ወዲህ... የምንጣፉ ጣጣ ተጀመረ።

እሑድ፣ ጥር 4

የቀረጻ ቀን። ታዳሚው መሀል ተቀመጥኩ። ሦስተኛው ማይክ ሥር፤ እውነትም ይሞቃል፣ መብራቱ በላዩ ላይ ነው። የፎጣው ቀልድ ሲመጣ (እርጥብ ሆነ) ከፊቴ ያለው ሰውዬ ከወንበሩ ወደቀ። ሚስስ ታልቦትን በድምፅ ክፍሉ መስተዋት በኩል አየኋት። ክሩን እንኳ አልነካችም። እጇን አጣምራ ትስቃለች።

ሐሙስ፣ ጥር 8

ታየ። ሰው ሁሉ ሳቀ። አክስቴ ዊኒ የላይኛው ጥርሷ እስኪወልቅ ሳቀች። ጋዜጣ ጸሐፊ ደወለ።

እማዬ አልመጣችም።

ሲያልቅ አባዬ የባዶውን ቴሌቪዥን መስተዋት እያየ ቀረ። "ጥሩ ከጻፍን አትመጣም" አለ። "ለሞተ ቀልድ ብቻ ነው የሚጠሯት።"

ሌስሊ ሶፋው ላይ ነበር። "ሠላሳ ዓመት በዚህ ሥራ ኖርኩ" አለ፣ "ሰው ስለሳቀለት የሚያለቅስ ጸሐፊ ዛሬ አየሁ።" ከዚያ ጉሮሮውን ጠረገ። "በርናርድ... በየሳምንቱ አንዲት መጥፎ ቀልድ ብናስገባስ? አንዲት ብቻ። ለእሷ።"

አባዬ ቀና አለ።

"እሱን ለእኔ ተወው" አለ ሌስሊ። "ልምድ አለኝ።"

እሑድ፣ ጥር 18

አልቻሉም! አሥር ቀን መጥፎ ቀልድ ለመጻፍ ደከሙ። ሁለቱ አብረው ሲሆኑ የጻፉት ሁሉ ያስቃል። በጣም መጥፎ ነው ያሉት ደግሞ በመጥፎነቱ ያስቃል። አባዬ ወረቀት እየጨመደደ፣ "ይሄም ያስቃል፣ የተረገመ!"

"እኔ ልሞክር" አልኩ።

ተያዩ።

"ላቲን ከአርባ አሥራ ዘጠኝ ነው ያገኘችው" አለ አባዬ። "ተሰጥኦው አላት።"

ክፍሌ ገባሁ። እርሳስ አኘክሁ። ምን ያስቃት ነበር? ብልጥ ነገር አይደለም። ሰው በሙሉ ልቡ የተናገረው ከንቱ ነገር። ጻፍኩት፦

እንግዳው፦ "ውሃው ዛሬ እንዴት ነው?"

ጠባቂው፣ ረጅም ጊዜ አስቦ፦ "እንደ ትናንቱ። እርጥብ።"

ሌስሊ አነበበው። ፊቱ ላይ አንድ ጡንቻ አልተንቀሳቀሰም። አባዬም አነበበው። ምንም።

"ይሄ" አለ አባዬ ቀስ ብሎ፣ "ድንጋይ ነው።"

በሕይወቴ እንዲህ ተመስግኜ አላውቅም።

እሑድ፣ የካቲት 2

ቀረጻ። ተናጋሪው ምስኪን ረጅም ጊዜ አሰበ፣ "እንደ ትናንቱ። እርጥብ" አለ። ሦስት መቶ ሰው ዝም። አንዲት ሴት ቦርሳዋን ዘጋች፤ የቦርሳው ቁልፍ ድምፅ እስከ ጣሪያ ተሰማ። አባዬ እጄን እስኪያመኝ ጨመቀው። ሌስሊ በጆሮዬ፣ "ድንቅ ነው። እንዲህ ያለ ዝምታ ከጦርነቱ ወዲህ አልሰማሁም" አለኝ።

በመስተዋቱ በኩል ሚስስ ታልቦት መዝገቡን ገለጠች። ሚስተር ኦድጀርስ በእጃቸው የጻፉትን አሳይታኛለች፦ "ዝይዋን ግማሽ ሰከንድ አስቀድሚያት።"

ሐሙስ፣ የካቲት 6

አራታችንም ነበርን። ሌስሊ ወለሉ ላይ፣ አባዬ የወንበሩ ጫፍ ላይ፣ እኔ ቆሜ። ለአክስቴ ዊኒ "ቀልዷ የእኔ ናት" ብዬ ነግሬያታለሁ፤ መነጽሯን ጠርጋ፣ ሹራቧን አስቀምጣ ተዘጋጅታለች፣ በቤታችን ቴሌቪዥን ላይ ስብከት የሚጀመር ይመስል።

እንግዳው ገባ። ፎጣውን ትከሻው ላይ ጣለ።

"ውሃው ዛሬ እንዴት ነው?"

ጠባቂው አሰበ። አባዬ መተንፈስ አቁሟል።

"እንደ ትናንቱ..."

ቃሉ ሳያልቅ መጣች። ቀድማ። ትንፋሹ ወደ ውስጥ፣ ዝይዋ፣ በሩ... በእኔ ቀልድ። አባዬ ዓይኑን ጨፈነ። ሌስሊ ወለሉን አየ። እኔ አንድ እጄን ራሴ ላይ እንዳደረግኩ ቀረሁ።

አክስቴ ዊኒ ግን ወደ ቴሌቪዥኑ ጎንበስ አለችና ጣቷን ቀሰረች፦ "አንቺ ሴትዮ ዝም በይ! ልጅቷ የጻፈችውን ልስማ!"

እማዬ አልሰማቻትም። መቼ ሰምታት ታውቃለች?